በጉ የተመለሰበት ምዕራፍ

እናቴ እንቅርት ነበራት። ይህን ዛሬ ነው የምናገረው እንጂ ያኔ ስም ያለው ሕመም መሆኑን አላውቅም ነበር። ለእኔ የእናት አንገት ማለት እሱ ነው። ብርድ ሲሆን፣ ደባርቅ ላይ ደግሞ ብርድ የማይሆንበት ቀን ጥቂት ነው፣ ጋቢዋ ውስጥ እገባና ጭንቅላቴን እዚያ ላይ አሳርፌ ትንፋሿን አዳምጣለሁ። ያፏጫል። ይልቅ የሌሎች ልጆች እናቶች ለምን እንደማያፏጩ ነበር የሚገርመኝ።

አባቴ መሪጌታ ሰይፈ ሥላሴ የደብራችን የዜማ መምህር ናቸው። በእኛ ቤት መጽሐፍ ማለት የጸሎት መጽሐፍ ነው። ከመሐል አይጀመርም፣ ከተጀመረም ሳያልቅ አይተውም። ተማሪዎቻቸው አንድ ገጽ ዘለው ከተገኙ ከመጀመሪያው ይመለሳሉ። እኔም ፊደል ስቆጥር ያለፍኩት በዚሁ ሕግ ስለሆነ ዓለም ሁሉ የሚተዳደረው በእሱ ይመስለኝ ነበር።

ጎረቤታችን አለቃ ድረስ የታመሙ ጊዜ አባየ ከሰዓት በኋላ እየሄዱ ከአልጋቸው አጠገብ ያነቡላቸው ነበር። እኔም እከተላቸዋለሁ። መደቡ ላይ ቁጭ ብዬ የሚሰጡኝን ቆሎ እየቆረጠምኩ እሰማለሁ። አንድ ቀን አባየ የመጨረሻውን ገጽ አነበቡ፣ መጽሐፉን ከደኑ፣ ሳሙት። ገና ከእጃቸው ሳያስቀምጡት ሴቶቹ ጮኹ። ቆሎዬ ተበተነ። በዚያች ቅጽበት የገባኝ ነገር ለብዙ ጊዜ ከውስጤ አልወጣም፤ ለታመመ ሰው መጽሐፍ ይነበባል፣ መጽሐፉ ሲያልቅ ሰውየው ይሞታል።

አለቃ ድረስ ዕድሜ የጠገቡ ሽማግሌ ነበሩ። ያ መጽሐፍም ስንት ጊዜ አልቆ እንደ አዲስ ተጀምሮላቸዋል። እኔ ያየሁት የመጨረሻውን ጊዜ ብቻ ነው፣ ለልጅ ግን እሱ ይበቃል።

እንግዲህ ከትምህርት ቤት ስመለስ አባየ ከእናቴ አልጋ አጠገብ በርጩማ ስበው ወፍራም መጽሐፍ ሲያነቡላት ሳገኛቸው ምን እንደተሰማኝ አስቡት። ቦርሳዬን እንደያዝኩ በሩ ላይ ቀረሁ። እማየ ትራስ ተደግፋ ቁጭ ብላለች፣ ከቅርብ ጊዜ ወዲህ ተጋድማ መተኛት ትታ ነበር። «ግቢ እንጅ ልጀ፣ ብርዱን ምን ታስገቢብናለሽ» አለችኝ። እኔ ግን ያየሁት አባየ ስንት ገጽ እንደቀራቸው ነው።

ነገሩ የጀመረው ትንሽ ቀደም ብሎ ነው። አባየና እማየ ጎንደር ደርሰው ተመለሱ። ለምን እንደሄዱ የነገረኝ የለም፣ ያመጡልኝን ብርቱካን እየላጥኩ ግን ከግድግዳው ወዲያ ሲነጋገሩ ሰማሁ።

«ሐኪሙ ያለውን ሰምተሻል» አሉ አባየ። «የአየር መተላለፊያሽን እየተጫነው ነው። ዛሬ ነገ አትበሉ ነው ያለን።»

«ሰምቻለሁ።»

«ታዲያ ምን ይሁን ነው የምትይ?»

«በዚያ በሚያስተኙበት ማሽን ተኝቸ አልቀደድም፣ መሪጌታ። የማላውቀው ነገር ነው። ማን ሠራው? ከየት መጣ? እነሱ አስተኝተውኝ ሳለስ ነፍሴ የት ትቆያለች?»

«ሌሊት ስትተኝስ የት ትቆያለች?»

«እሱ የእግዜር እንቅልፍ ነው። ይኸኛው የማን እንደሆነ ንገሩኝና እተኛለሁ።»

እናቴ ለእንግዳ ውሃ ከማቅረቧ በፊት «የማን ልጅ ነህ?» ብላ የምትጠይቅ ሴት ናት። ተራሮቹን ሊያዩ ወደ ቡይት ራስ የሚወጡ ፈረንጆች በደጃችን ሲያልፉ እንኳ አስጎብኚውን አስቁማ የማን ልጆች እንደሆኑ ታስጠይቃለች። ማሽኑንም የጠየቀችው ይህንኑ ነው። እኔ ከዚህ ሁሉ ወሬ የያዝኩት «አልቀደድም» እና «ነፍሴ» የሚሉትን ነበር፣ ብርቱካኑም ከዚያ በኋላ አልጣፈጠኝም።

መፍትሔ ያመጣችው ጥበብ ናት። ጥበብ ግቢያችን ውስጥ ተከራይታ የምትኖር የፊዚክስ መምህርት ነበረች። ከመጻሕፍቷ መሐል ስለ ማሽኖችና ስለ ግኝቶች ታሪክ የሚተርክ አንድ የአማርኛ መጽሐፍ አወጣች። ሽፋኑ የለም፣ ጠርዙን አይጥ ቀምሶታል። ከእጅ ሰዓት አሠራር ይጀምርና በእንፋሎት ሞተር፣ በፊኛ፣ በራጅ አድርጎ መጨረሻው ላይ ማደንዘዣና መተንፈሻ ማሽን ጋ ይደርሳል። የተጻፈው ለሊቅ ሳይሆን እንደ እኛ ላለ ሰው ነው።

«የማደንዘዣውን ብቻ ያንብቡላት፣ የኔታ» አለቻቸው።

«ኧረ ወዲያ!» አለች እማየ። «መጽሐፍ ከመሐል ይጀመራል እንዴ? ከመጀመሪያው ጀምራችሁ ጨርሱልኝ፤ ሲያልቅ ጎንደር እሄዳለሁ።»

በዚህ ተስማሙ። እኔ ግን ያን ቀን ውሃ ልቀዳ ሄጄ ነበር። ያቺን አንዲት ዓረፍተ ነገር ብሰማት ኖሮ ይህ ታሪክ አይኖርም ነበር።

አባየ የማሽኑን መጽሐፍ የሚያነቡት ሌላ ንባብ ስለማያውቁ ልክ እንደ ገድል ነው። ድምፃቸውን ዝቅ ከፍ እያደረጉ፣ ሰውየው ሲቸገር እየቆዘሙ፣ ሲሳካለት ቀና እያሉ። አንዱ መሐንዲስ የሠራው ቦይለር፣ የእንፋሎት ማፍያው፣ ፈንድቶ ሠራተኞቹ ሲያልቁበት ንባቡን አቁመው «ነፍስ ይማር» አሉ፤ እማየም «አሜን» አለች። መጽሐፉን «ገድለ ማሽን» ብላ የሰየመችው እሷ ናት። ራጅን ያገኘው ሊቅ መጀመሪያ የሚስቱን እጅ አንስቶ አጥንቷን እንዳሳያት ሲነበብ ደግሞ ተቆጣች።

«ምነው የራሱ እጅ የት ሄዶ?»

«ይህን አልጻፈውም» አሉ አባየ።

«አይጽፈውማ!»

ከሁሉም የበለጠ የያዛት ግን የፊኛው ምዕራፍ ነው። ፈረንሳይ አገር ሁለት ወንድማማቾች በጨርቅና በወረቀት ትልቅ ፊኛ ሠርተው ከሥሩ እሳት እያነደዱ ወደ ሰማይ ይሰዳሉ። ሰው ለመላክ ግን ፈሩ፣ የላይኛው አየር ይግደል አይግደል የሚያውቅ አልነበረም። ስለዚህ አንድ በግ፣ አንድ ዳክዬና አንድ አውራ ዶሮ በቅርጫት አድርገው ንጉሡ ቆሞ እያየ ላኩ።

እማየ ከትራሷ ቀና አለች። «ከዚያስ?»

«ከዚያማ ዳክዬው…»

«ዳክየው ድሮም ክንፍ አለው! የበጉን ንገሩኝ እንጅ!»

አባየ በጣታቸው መስመሩን ፈለጉ። «በጉ በሰላም ወረደ። ሣር ሲግጥ አገኙት ይላል።»

«ተመስገን» አለች፣ አንገቷንም በእጇ ዳበስ አደረገች። በዚያ ሰሞን ፈገግ ስትል ያየኋት ያኔ ነው።

እኔ ግን የማየው ሌላ ነበር። የንስሐ አባቷ መጥተው ለብቻዋ አነጋገሯት። አክስቴ ሸጊቱ ከዳባት መጣች፣ ያውም ጥቁር ለብሳ። ባሏ ከሞተ ጀምሮ ሌላ ቀለም ለብሳ እንደማታውቅ ለማስታወስ ጊዜ አልነበረኝም፤ አያቴ የሞተች ጊዜም በዚሁ ልብስ ነው የመጣችው። እማየ ቀሚሶቿን አጥባ አጣጥፋ አስቀመጠች። ፀጉሬን እየሠራችኝ ሳለ «አባትሽን እንዳታስቸግሪ፣ እሽ?» አለችኝ። ከጎንደር መንገድ ሌላ የምታስበው ነገር አልነበራትም። ሽሩባው እስኪያልቅ ድረስ እንባዬን ዋጥኩ፣ እሷ ስለ ፀጉሬ ያለቀስኩ መስሏት «አይዞሽ፣ ላላ አደርገዋለሁ» አለች።

አባየ የደረሱበትን ገጽ የሚያመለክቱት ዝንብ ከሚያባርሩበት ጭራ ነጭ ፀጉር እየነቀሉ ነው። ፀጉሩ ከመጽሐፉ ራስጌ ብቅ ብሎ ይታያል። ከትምህርት ቤት ስገባ የመጀመሪያ ሥራዬ የት እንደደረሰ ማየት ነበር። ከፀጉሩ በፊት ያለው ወፍራም እየሆነ፣ ከፀጉሩ በኋላ ያለው እየሳሳ ሄደ። አንድ ቀን እማየ ፀሐይ ልትሞቅ ደጅ ወጣች። ያን ጊዜ መጽሐፉን ከመስኮቱ ደፍ አነሳሁና ፀጉሩን መዝዤ ወደ ኋላ መለስኩት። የመለስኩት ፊኛው ላይ ነው። እዚያ ፈገግ ስለምትል ክፉ ነገር አይደርስባትም ብዬ አሰብኩ።

ከሰዓቱን ጠበቅሁ። አባየ ገለጡ፣ ገጹን ወደ ዓይናቸው አስጠጉት።

«ይህን አንብበነው የለ?»

«እንጃ» አለች እማየ። «አላስታውስም።»

አባየ ጉሮሯቸውን ጠረጉና በጉን እንደገና ላኩት። በጉም እንደገና በሰላም ወረደ።

ከዚያ ወዲያ በቻልኩ ቁጥር እመልሰው ነበር። የሚገርመው፣ አንዳንድ ቀን እኔ ሳልነካው ፀጉሩ ወደ ኋላ ሄዶ አገኘዋለሁ። ትላንት ማታ ራጁ ጋ የነበረው ዛሬ ፊኛው ላይ ነው። መልአክ እያገዘኝ እንደሆነ አልተጠራጠርኩም። የመሪጌታ ልጅ ስለሆንኩ ያን ያህል ውለታ ቢዋልልኝ የሚበዛ አልመሰለኝም።

«የኔታ፣ አሁንም ፊኛው ላይ ናችሁ?» አለች ጥበብ አንድ ቀን በበሩ ብቅ ብላ።

«መጽሐፉ ጥልቅ ነው» አሉ አባየ ኮስተር ብለው።

ጥበብ እናቴን አየቻት፣ ከዚያ አባየን አየቻቸው፣ ሄደች። ዛሬ ፊቷን ሳስታውሰው የነበረበት ፍርሃት ነው። ቤት ውስጥ ከነበርነው ሁሉ ጊዜው እየሄደ መሆኑ የታያት እሷ ብቻ ነበረች። የእናቴ ፉጨት ቀጥኖ፣ ጥቂት ስትራመድ ግድግዳ መያዝ ጀምራ ነበር። እኔ ግን መጽሐፉ እስካላለቀ ድረስ የሚያሰጋት ነገር ያለ አልመሰለኝም፣ እንዲያውም ማታ ማታ በኩራት ነበር የምተኛው።

ከዚያ አንድ ቀን ረፋድ ላይ እማየ ጎንበስ ብላ እቃ ስታነሳ ትንፋሿ ተያዘ። አፏን ከፍታ ቀረች፤ ፉጨቱም ጠፋ። ፊቷ ጠቆረ። ሸጊቱ «ወይኔ ገበያነሽ፣ ወይኔ እህቴን!» እያለች ከኋላ ደግፋ ቀና አደረገቻት፣ እኔ እየሮጥኩ አባየን ከጉባኤ ቤት ጠራሁ። ስንደርስ ትንፋሿ ተመልሶላት ላብ በላብ ሆና ተቀምጣለች። አባየ ላቧን በጋቢያቸው ጠረጉላት። ከዚያ፦

«ዛሬ መጽሐፉ ያልቃል» አሉ። «የቀረችው አንድ ምዕራፍ ናት፣ ዛሬ ትነበባለች።»

«ይሁን» አለች እማየ። «ከዚያ በኋላ የእግዜር ፈቃድ ነው።»

ከዚህ በላይ መስማት አልቻልኩም። መጽሐፉን ከመስኮቱ ላይ መንትፌ ሮጥኩ። ሸጊቱ «አንች ልጅ!» ስትል ይሰማኛል። ግቢውን ወጣሁ፣ ባሕር ዛፎቹን አቋረጥኩ፣ ከቤተ ክርስቲያኑ ጀርባ ካሉት የተማሪ ጎጆዎች አንዱ ውስጥ ገባሁና መጽሐፉን ሆዴ ሥር አድርጌ ጥቅልል አልኩ። ተማሪዎቹ ቀለብ ልመና ስለወጡ ሰው የለም። ጭድና የጢስ ሽታ ብቻ ነበር።

አባየ አገኙኝ። ጎጆው ዝቅተኛ ስለሆነ ጥምጥማቸውን ይዘው ጎንበስ ብለው ገቡ። የሚመቱኝ መስሎኝ ነበር፣ እሳቸው ግን ጭዱ ላይ አጠገቤ ቁጭ አሉ።

«ምን ሁነሽ ነው፣ የትናየት?»

«አይጨርሱት፣ አባየ።»

«ለምን?»

«ካለቀ ትሞታለች።»

«ማን አለሽ?»

«አለቃ ድረስም ሲያልቅ ነው የሞቱ። እርስዎ ሲከድኑት።»

አባየ ጋቢያቸውን ፊታቸው ላይ አደረጉ። ትከሻቸው ተንቀጠቀጠ። ይሳቁ ያልቅሱ ያኔ አላወቅሁም፣ አሁንም አላውቅም፤ ሁለቱም ነበር መሰለኝ። ጋቢያቸውን ሲያወርዱ ዓይናቸው ቀልቶ ነበር።

«ልንገርሽ ብል አታምኝኝም» አሉ። «ነይ፣ ራስሽ አንብቢውና እይ።»

«እኔ?»

«ማንበብ አስተምሬሽ የለ? ለሞት የሚያበቃ ከሆነ አንች ታውቂዋለሽ። የእናትሽን ፊት እያየሽ አንብቢ።»

እጄን ይዘው መለሱኝ። እማየ ከነትራሷ ቁጭ ብላለች። ሸጊቱ በሩ ላይ ቆማለች፣ ጥበብም ለምሳ ከትምህርት ቤት ተመልሳ ነበር። በርጩማው ላይ ተቀመጥኩ፣ እግሬ መሬት አይነካም። ማንበብ ጀመርኩ። በየፊደሉ እየተሰናከልኩ፣ ጥበብ ከበድ ያለውን ቃል እያቀበለችኝ።

ድሮ ሰው ሲቀደድ በጠፍር ይታሰር እንደነበር፣ የተመሰገነው ሐኪምም ቶሎ የሚጨርሰው እንደነበር አነበብኩ። አሜሪካ አገር አንድ የጥርስ ሐኪም ለአንድ ሕመምተኛ ኤተር የሚባል ፈሳሽ እንፋሎት እንዳስሸተተው፣ ሌላ ሐኪም ዕጢውን ሲቆርጥለት ሰውየው እንዳልጮኸ። እማየ በዚህ ጊዜ እጇን አንስታ አስቆመችኝ።

«ዕጢው የት ነበር?»

ጥበብ ጎንበስ ብላ መስመሩን አየች። «አንገቱ ላይ» አለች ቀስ ብላ።

እማየ ሸጊቱን አየቻት። ሸጊቱ በነጠላዋ አፏን ያዘች። «ቀጥይ» አለችኝ እማየ።

ከዚያ መተንፈሻ ማሽኑ መጣ። ለተኛው ሰው አየር የሚያስገባ፣ ሐኪም ከራስጌው ሆኖ ዓይኑን የማይነቅልበት። ገጹ እየሳሳ መጣ። አንድ ገጽ ቀረ፣ ከዚያ ግማሽ፣ ከዚያ አንድ መስመር። ቆምኩ።

«ጨርሽው ልጀ» አለች እማየ።

በአንድ ዓይኔ እሷን፣ በአንድ ዓይኔ መጽሐፉን እያየሁ አነበብኩት፦ «ሰውየውም ነቃ፤ መቼ ጀመራችሁ ብሎ ጠየቀ።»

ከዚያ በታች ነጭ ወረቀት ነው። ማንም አልተነፈሰም፣ ከእናቴ በስተቀር። እሷ ታፏጭ ነበር። ጠበቅሁ። አሁንም ታፏጫለች።

«አለቀ?» አለች።

«አለቀ።»

«እንግዲያው ጫማየን አምጭልኝ።»

በማግስቱ በጧት ከአባየ ጋር ሚኒባስ ተሳፍራ ሄደች። የት እንደምትሄድና ለምን እንደምትሄድ ጥበብ በመንገድ ዳር ቆማ አንድ በአንድ አስረዳችኝ፣ አንገቴ ላይ በጣቷ እያሳየችኝ። ያን ጊዜ ብቻ ነው ጭንቅላቴን የማሳርፍበት ያ ለስላሳ እብጠት እናቴን ያንቃት እንደነበር የገባኝ። ሸጊቱ ደግሞ ለለቅሶ ሳይሆን ወጥ ልትሠራልኝ መምጣቷ ታወቀ፤ ወጧ ቅመሙ ይበዛል፣ በደስታ በላሁት።

የተመለሱ ቀን መናኸሪያ ሄድን። ጉም ወርዶ ነበር። ሚኒባሱ ቆመ፣ አባየ ወረዱ፣ ከኋላቸው አንገቷን በነጭ ሻሽ የጠቀለለች ሴት ወረደች። ቀጭን አንገት ነው ያላት። አላወቅኋትም፣ ከሸጊቱ ቀሚስ ኋላ ተደበቅሁ። ሴትዮዋ ፊቴ ቁጭ ብላ አየችኝ። ድምጿ ሻክሮ ነበር፣ ሹክሹክታ ነው ማለት ይቻላል።

«የማን ልጅ ነሽ?» አለችኝ።

«የገበያነሽ» አልኩ። ከዚያ ነው ያለቀስኩት። ዘልዬ ጋቢዋ ውስጥ ገባሁ፣ ጭንቅላቴን የማሳርፍበት ቦታ ጠፋኝ፣ ትከሻዋ ላይ አደረግሁት። ፉጨት የለም። አየሩ ዝም ብሎ ይገባል፣ ዝም ብሎ ይወጣል። እንዲህ ዓይነት ደስ የሚል ዝምታ ከዚያ ወዲህም አልሰማሁም።

ጥበብ ወደ እኛ ስትሮጥ ባየቻት ጊዜ እናቴ በዚያች በሻከረች ድምጿ «በጉ ወርዷል» አለቻት።

ይህን ያነበበ ሰው መሐንዲስ የሆንኩ ይመስለዋል። አልሆንኩም፤ ሒሳብ እወድቅ ነበር። ዳባት አማርኛ አስተምራለሁ፣ በበዓል በበዓል ደባርቅ እወጣለሁ። ጥበብ ሌላ አገር ስትዛወር መጽሐፉን ለእናቴ ትታላት ሄዳለች፣ እናቴም ዛሬ መነጽር አድርጋ ራሷ ታነበዋለች።

ባለፈው መስቀል ሦስታችን ፀሐይ ላይ ተቀምጠን ሳለ ስለዚያ ፀጉር ነገርኳቸው። ከዚያ በፊት ተናግሬው አላውቅም ነበር። ወደ ኋላ እንደምመልሰው፣ አንዳንድ ቀን ደግሞ መልአክ እንደሚያግዘኝ።

እናቴ ሳቅ አፈናት። «የምን መልአክ! እኔ ነኝ እንጅ። ፀሐይ ልሞቅ ስወጣ አንች፣ አንች ትምህርት ቤት ስትሄጅ እኔ። ምን ላድርግ፣ ፈራሁ። በጉ ሲወርድ እየሰማሁ ነበር የምጽናና።»

«አንችም?»

«እኔም።»

ሁለታችንም አባየን አየናቸው። አርጅተዋል፤ ያው ነጭ ጭራ እጃቸው ላይ ነው፣ ከዚያ ሁሉ ነቀላ በኋላ እንኳ የተረፈው ፀጉር አለ። የሌለ ዝንብ ሲያባርሩ ቆዩ። ወደ ባሕር ዛፎቹ አዩ፣ ጉሮሯቸውን ጠረጉ።

«እኔስ የመለስኩት በየቀኑ አልነበረም» አሉ።

እናቴ መጀመሪያ ሳቀች፣ ከዚያ እጃቸውን ያዘች።